ናፍጣ ያጣው የነዳጅ አገር

ሚያዝያ 12 ቀን 2016 ዓ.ም.
ላይኛው ናይል፣ ደቡብ ሱዳን

እታለም መሪማ፣

አሰላሙ ዓለይኩም ወራሕመቱላህ። ይህ ሰላምታ መርሳ እስኪደርስ ሦስት ሳምንት ያረጃልና አንቺው አድሺው።

ዝምታዬን ኩርፊያ ብለሽ እንደቆጠርሽው ሲራክ ነገረኝ። ወላሂ ኩርፊያ አይደለም። ስልክ የጠፋው ከኔ ብቻ ሳይሆን ከአገሩ ነው። የኔትወርኩ ማማ በጄኔሬተር ነው የሚሠራው፤ ጄኔሬተሩ ናፍጣ ይፈልጋል፤ ናፍጣ የለም። ከእንግዲህ የምጽፈውን ቀለብ በሚያመጣው አውሮፕላን ጁባ ለሲራክ እልካለሁ። ሲራክን ታስታውሽዋለሽ፣ ወልድያ ጎማ ይጠግን የነበረው ነው። ዛሬ ጁባ ላይ ሆቴል ከፍቷል። እሱ አዲስ አበባ ለሚሄድ ሰው ይሰጣል፤ ከዚያ ወዲያ የመርሳ አውቶቡስ ያደርሰዋል።

«ነዳጅ ላይ ተቀምጦ ናፍጣ የለም ይለኛል?» ብለሽ መሳቅሽ አይቀርም። እኔም ባለፈው ዓመት ቢነግሩኝ እስቅ ነበር። ከመሬት የሚወጣው ድፍድፍ እንጂ ናፍጣ አይደለም። የዚህ አገር ድፍድፍ ደግሞ እንደ በግ ሞራ ነው፤ ሲቀዘቅዝ ይረጋል። ወደ ባሕር የሚወስደው ቧንቧ ሱዳንን ከዳር እዳር ያቋርጣል፤ በየመንገዱ የሚያሞቁትና የሚገፉት ጣቢያዎች አሉ። እዚያ ጦርነት ነው። ለጣቢያዎቹ ናፍጣ የሚያደርስ ጠፋ፤ ድፍድፉ ቧንቧው ውስጥ ረጋ፤ ቧንቧው ተተረተረ። ተኩሱ የሰው አገር፣ ሥራ የቆመው እዚህ። ይህ መንግሥት ደግሞ ከዚህ ነዳጅ ሌላ ይህ ነው የሚባል ገቢ የለውም። ወታደሩም፣ አስተማሪውም፣ ሐኪሙም ደመወዝ ካየ ወራት አልፏል። እኔም እንደነሱ ነኝ፤ ለዚህ ነው የላክሁልሽ ነገር የሌለው።

ስለ እኔ አታስቢ። የነዳጅ ኩባንያችን ካምፕ ውስጥ ምግብ አለ፣ አጥር አለ፣ ሥራም አለ። ኩባንያው አብዛኛውን ሰው ሲያወጣ ጄኔሬተሮቹን የሚጠብቅ ይቅር ሲል እኔ ቀርቻለሁ።

ይልቅ አንቺ ንገሪኝ፤ ገንዘብ ልኬ ላስገዛሁሽ የውሃ መሳቢያ ሞተር ናፍጣ ታገኛላችሁ? ሞተሩስ እንዴት ነው?

ወንድምሽ ረዲ

*

ግንቦት 14 ቀን 2016 ዓ.ም.
መርሳ

ወንድምዓለም ረዲ፣

ወዓለይኩሙ ሰላም። እኔ ደህና፣ ቤቱ ደህና፣ ብርቱካኑም እስከዛሬ ደህና። ደህና ያልሆነውን ቀስ እያልኩ እነግርሃለሁ፤ አንተም እንደዚያው እያደረግክ መሰለኝ። «ስለ እኔ አታስቢ» ያልክበትን ሁለቴ አነበብኩት። ልጅ ሆነህ ከዛፍ ወድቀህ ክንድህ ሲያብጥም ያልከው ይህንኑ ነው።

ናፍጣ ላልከኝ፣ ማደያው ሲመጣለት ሰልፉ ከመናኸሪያው ያልፋል። የሚቀድመው መኪና ነው፤ ጀሪካን ይዞ የቆመ ገበሬን ማን ያየዋል? ከጓሮ የሚሸጡትን ልግዛ ብል አንዴ ውሃ ለማጠጣት የሁለት ኩንታል ሽንኩርት ዋጋ ይበላብኛል። ሐራ ከተማ ድረስ ሄጄ ጠይቄያለሁ፤ ያው ነው። መንገድ ሲዘጋ ጭራሽ የለም፤ ሲከፈት ሌላ ዋጋ ይዞ ይመጣል። ሞተሩ ምንም አልሆነም።

ስለዚህ ሌላ ነገር ጀምሬያለሁ። ወንዙን ከላይ ጠልፈን በቦይ ልናወርደው ነው። ሠላሳ አባወራና አንዲት እኔ ነን። ሼህ አብዱልሐሊም ዱዓ አድርገውልን የጀመርነው ሰኞ ነው። እስከ ጋሽ ፈንታው ድንበር ቆፍረናል። እዚያ ላይ ቆምን።

ልለምናቸው ሄድኩ። «ጋሽ ፈንታው፣ በማሳዎ ዳር አንድ ክንድ ስፋት ብቻ ይፍቀዱልን» አልኳቸው።

«መሪማ፣ የፈለግሽውን ጠይቂኝ፣ ቁፋሮ ግን አትጠይቂኝ። ይህን ማሳ አንዴ ቆፍረውብኛል» አሉኝ።

ምን እንዳሉ ታውቃለህ። በ2014ቱ ጦርነት ማሳቸውን ለሁለት ከፍሎ ምሽግ ተቆፍሮበት ነበር። ልጃቸው ይርጋም የወደቀው እዚያው አጠገብ ነው። ተዋጊው ሲሄድ ምሽጉን ብቻቸውን በአካፋ ሞሉት፤ ላግዝዎ ያለውን ሁሉ መለሱት። እኔም ተሰናብቼ ወጣሁ።

ቢሆንም ውሃው ይመጣል። እንዴት እንደሚመጣ ገና አላወቅሁም እንጂ መምጣቱን አልጠራጠርም።

አሁን አንተ መልስልኝ። ደመወዝ ከሌለ፣ ሥራ ከቆመ፣ እዚያ የምትጠብቀው ምንድን ነው?

እህትህ መሪማ

*

ሰኔ 26 ቀን 2016 ዓ.ም.
ላይኛው ናይል

እታለም፣

የምጠብቀው አንድ የናፍጣ ታንከር ነው። ሳልደብቅ ልንገርሽ።

ኩባንያው ሲወጣ ካምፑ ውስጥ ከግማሽ በታች ናፍጣ የያዘ ታንከር ቀረ። በዚህ ወረዳ የተረፈው ናፍጣ ያ ብቻ ነው። ኩባንያው በሬዲዮ «እንዳትነኩት፣ ቧንቧው ሲጠገን ለማስነሻ ነው» ይላል። የወረዳው አስተዳዳሪ ለመኪኖቹ ይፈልገዋል። ከየካቲት ወዲህ አስተዳዳሪው ሦስት ጊዜ ተቀይሯል፤ የሚሾመው በላከው ገንዘብ ልክ ነበር አሉ፣ ገንዘቡ ሲደርቅ ሹመቱም አይጸናም። የጦሩ አዛዥ ደግሞ ሸጦ ለወታደሮቹ ሊያከፋፍል ያስባል። ወታደሮቹ ስምንት ወር አልተከፈላቸውም፤ በየመንገዱ ገመድ ዘርግተው ከሚያልፈው ሁሉ ይቀበላሉ። ባለፈው ሳምንት አንዲት ሴት የያዘቻትን ዶሮ ተቀብለዋት «ለታመመ ጓዳችን ነው» አሏት። አዘንኩላቸው፤ ፈራኋቸውም። እታለም፣ ይህ ነዳጅ ሲወጣ ጥቅሙ ለሕዝቡ አልደረሰም፤ ሲቆም ግን ረሃቡ በአንድ ወር ደረሰ።

አራተኛ ጠያቂ መጣች፤ አቾል ትባላለች፣ የክሊኒኩ አዋላጅ ናት። እሷ የመጣችው ለጠቅላላ ከተማው ነው። የከተማው ጥልቅ ጉድጓድ ውሃ የሚሳበው በጄኔሬተር ነበር። እሱ ሲቆም ሰዉ ከነዳጅ ቆሻሻ ጉድጓዶቹ አጠገብ ካለው ኩሬ መቅዳት ጀመረ። ውሃው ላይ እንደ ጣዎስ ላባ የሚያብለጨልጭ ነገር ተንሳፍፏል። «ውርጃ በዝቶብኛል» አለችኝ። «አንተ መካኒክ ነህ፤ ይህን ናፍጣ ምን ትለዋለህ? የማን ነው?»

በማግስቱ አሰብኩና አንድ ነገር አደረግሁ። የታንከሩን መለኪያ ዘንግ ይዤ ገበያ መሀል ወጣሁ። ሽማግሌዎቹን ጠርቼ፣ ናፍጣው ይህን ያህል ነው፤ ጉድጓዱንና ክሊኒኩን በቀን ሁለት ሰዓት ቢያሠራ እስከ ጥቅምት ይደርሳል፤ በየዓርቡ ዘንጉን እዚህ አምጥቼ አሳያችኋለሁ ብዬ የታንከሩን ቁልፍ ሰጠኋቸው። ሰው ሁሉ መጠኑን ካወቀው በስውር የሚሸጥ አይኖርም ብዬ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ ከተማው ንጹሕ ውሃ ይጠጣል።

ለዚህ ነው የማልመጣው። አትቆጪኝ።

የጋሽ ፈንታው ነገር ግን አሳዘነኝ። አትገፊያቸው።

ረዲ

*

ነሐሴ 18 ቀን 2016 ዓ.ም.
መርሳ

ወንድምዓለም፣

አልቆጣህም። አባታችን በሕይወት ቢኖር መለኪያውን ገበያ ስለማውጣትህ ለየቤቱ እየዞረ ያወራው ነበር። እኔም ለሁለት ሰው ብቻ አውርቻለሁ፤ ሁለቱ ለመርሳ አዳርሰውልኛል።

አትገፊያቸው ያልከኝ ሳይደርሰኝ በፊትም አልገፋኋቸውም። ሽማግሌ እንላክ ያሉ ነበሩ፤ እኔ እንቢ አልኩ። ሽማግሌ ከተላከባቸው አያሳፍሩንም፤ ይፈቅዳሉ። ግን ቁፋሮውን ባዩ ቁጥር ይሞታሉ። ከዚያ ይልቅ በድንጋዩ ተረተር ዞረን ለማለፍ ተስማማን። ዙሩ ሦስት እጥፍ ሥራ ነው። አሥራ አንድ ቀን ድንጋይ ፈነቀልን፤ አብሮን የሚቆፍረው የሚስባህ እጅ ተላጠ፤ ሁለት ሰው ለጥቂት ቀን ትቶን ሄደ።

በአሥራ ሁለተኛው ቀን ጠዋት ጋሽ ፈንታው ዶማ ተሸክመው መጡ። ማንንም ሰላም ሳይሉ ማሳቸው ውስጥ ገቡ፤ ምሽጉ የነበረበት ላይ ቆሙ።

«እዚህ ይሁን» አሉ።

እኔ «ጋሽ ፈንታው፣ ይተዉት፤ በተረተሩ እናልፋለን» አልኳቸው።

«በተረተሩ ብትሄዱ ክረምት ይቀድማችኋል። እዚህ አፈሩ ገና ልል ነው» አሉና መጀመሪያ የቆፈሩት እሳቸው ናቸው። እስከ ቀትር ቆፈሩ። ሙስሊሙም ክርስቲያኑም ከኋላቸው ተሰልፎ ቆፈረ። አፈሩን ስናወጣ የጥይት ቀለህ ይወጣ ነበር፤ ጋሽ ፈንታው እያነሱ ኪሳቸው ይጨምሩታል። የልጃቸውን ስም አላነሡም፤ እኛም አላነሣንም።

ሐምሌ ጎርፍ መጥቶ ከላይ በኩል ብዙ ክንድ ወሰደብን። ይወሰድ። መስከረም ሲጠባ እንሠራዋለን፤ አሁን የት እንደሚሰበር አውቀናል።

ሌላ ወሬ፤ የውሃ አባት መረጥን። ውሃውን በተራ የሚያከፋፍል፣ ጠብ የሚፈታ ሰው ያስፈልጋልና። ሼህ አብዱልሐሊም «ማንን ትላላችሁ?» ሲሉ ጋሽ ፈንታው «መሪማን» አሉ። አንዱ ከኋላ «የውሃ አባት ሴት ሆና ታውቃለች?» ቢል «ውሃውስ በአሥር ዓመት ውስጥ እዚህ ደርሶ ያውቃል?» አሉት። እንዲህ ሆኜ ተሾምኩ። ሰላምታህን በማዕረጌ ላክ።

መሪማ፣ የውሃ አባት

*

መስከረም 22 ቀን 2017 ዓ.ም.
ላይኛው ናይል

እታለም፣

ደህና ነኝ። ሥራ ስለበዛብኝ አሳጥሬ ነው የምጽፍልሽ። የውሃ አባትነትሽ አኮራኝ። ናፍጣው ሊያልቅ ነው፤ ከተማው ግን ደህና ነው። በሚቀጥለው ብዙ እጽፋለሁ።

ረዲ

*

ጥቅምት 15 ቀን 2017 ዓ.ም.
መርሳ

ረዲ፣

ፊደሎችህ ወደ ግራ ዘመዋል። «ደ»ህን አንደኛ ክፍል እያለህ እንኳ እንዲህ አልጻፍካትም። ደብዳቤህን ለጋሽ ፈንታው አሳየኋቸው፤ ጥቂት አዩትና «ይህ የግራ እጅ ነው» አሉኝ።

ቀኝህ ምን ሆነ? እውነቱን ላክልኝ። ሌላ ነገር አትጻፍበት።

መሪማ

*

ኅዳር 10 ቀን 2017 ዓ.ም.
ላይኛው ናይል

እታለም፣

እውነቱ ይኸውልሽ። ሌላ ነገር አልጽፍበትም።

ነሐሴ መጨረሻ ላይ ወታደሮች ካምፑ መጡ። የታንከሩን ቁልፍ ጠየቁኝ። ቁልፉ ከሽማግሌዎቹ ጋር ነው አልኳቸው፤ እውነትም ነበር። ጦር ሰፈር ወስደው ዘጠኝ ቀን አሰሩኝ። በሦስተኛው ቀን አንዱ የጠመንጃ ሰደፍ ቀኝ እጄ ላይ አወረደ። ሦስት ጣቶቼ ተሰበሩ። የመታኝን አውቀዋለሁ፤ የልጁን ክትባት ማቀዝቀዣ የማሠራው እኔ መሆኔን አያውቅም ነበር። በኋላ አወቀ።

ያስፈቱኝ የከተማው ሴቶች ናቸው። አቾል አስከትላቸው ባዶ ጀሪካን እየያዙ መጥተው ጦር ሰፈሩ በር ላይ ተቀመጡ። አልጮኹም፤ ድንጋይ አልወረወሩም። ሦስት ቀን ሙሉ ተቀመጡ። ከወታደሮቹ ብዙዎቹ ሚስቶቻቸውንና እናቶቻቸውን በመካከላቸው አዩ። በሦስተኛው ቀን አዛዡ ራሱ በሩን ከፍቶ «ውሰዱት» አለ።

አቾል ጣቶቼን በቀርከሃ አሰረችልኝ። ሁለቱ ድነዋል፤ ሦስተኛው አይታጠፍም። መፍቻ የምይዘው በግራዬ ነው። ስለደበቅሁሽ አፉ በይኝ። መንገድ በማይከፈትበት ጊዜ የሚሰማ ክፉ ወሬ ሸክም ብቻ ነው ብዬ ነው።

ናፍጣው ጥቅምት አጋማሽ ላይ አለቀ። ያልነው ቀን ላይ ነው ያለቀው፤ አንድ ሊትር አልጎደለም። የመጨረሻውን ዓርብ ደረቁን ዘንግ ገበያ ይዤ ስወጣ ሰዉ አጨበጨበ። በዚያን ሰሞን የእርዳታ ሰዎች በፀሐይ ኃይል የሚሠራ የውሃ መሳቢያ ይዘው ደረሱ፤ ጉድጓዱ ላይ የተከልነው እኔ፣ አቾልና ሁለት ሴቶች ሆነን ነው። ከእንግዲህ ከተማው በማንም ታንከር አይጠጣም።

አሁን ተራሽ ነው። ያ ሞተር «ምንም አልሆነም» ያልሽኝን አልረሳሁትም።

ረዲ

*

ታኅሣሥ 6 ቀን 2017 ዓ.ም.
መርሳ

ወንድምዓለም፣

መጀመሪያ አለቀስኩ። ከዚያ ተቆጣሁ። ከዚያ ሼህ አብዱልሐሊም ዘንድ ሄጄ ዱዓ አስደረግሁልህ፤ ጋሽ ፈንታውም ለራሳቸው ታቦት ተሳሉልህ። አሁን ደህና ነኝ። አፉ ብያለሁ።

ሞተሩን ሸጬዋለሁ። የሸጥኩት በሚያዝያ፣ አንተ ከመጠየቅህ በፊት ነው። ምንም አልሆነም ያልኩህ እውነት ነው፤ በደህና ተሸጠ። ላብህን የሸጥኩብህ መስሎ ስለተሰማኝ መንገር አቃተኝ። በዋጋው ሲሚንቶና የቦዩን ውሃ የሚዘጋና የሚከፍት የብረት መዝጊያ ገዛን፤ ለሠላሳ አንዳችንም የሚያገለግል። ከናፍጣ ጋር ተጣብቆ ለአንዲት ሴት ከሚቆም ይህ ይሻላል ብዬ ነው። ከተቆጣህ ቁጣህን ላክልኝ፤ እቀበላለሁ።

ውሃው ኅዳር 21 ቀን መጣ። መጀመሪያ አፈርና ቅጠል እየገፋ፣ እንደ ሰው እያመነታ መጣ። ጋሽ ፈንታው ማሳ ላይ ሲደርስ ቆሙና አዩት። «በርታ» አሉት ውሃውን። እኔ ዘንድ ሲደርስ ቀሚሴን ሰብስቤ ገባሁበት። ብርቱካኑ ሲጠጣ የሚያሰማውን ድምፅ ረስቼው ነበር።

እዚህ ማደያው ላይ ሰልፉ እንዳለ ነው። እኛ አልተሰለፍንም።

መሪማ

*

ጥር 27 ቀን 2017 ዓ.ም.
ላይኛው ናይል

እታለም፣

ሞተሩን በመሸጥሽ አልተቆጣሁም። ሳቅሁ እንጂ፤ እኔ እዚህ ለሰው ናፍጣ እጄን ስሰብር አንቺ እዚያ ናፍጣን ፈትተሻታል።

ድፍድፉ መፍሰስ ጀመረ። ቧንቧው ተጠግኗል፤ በሱዳን ያሉት ሁለቱም ወገኖች ከሚያልፈው ድርሻቸውን ሊያገኙ ተስማሙ ይባላል፤ እርግጡን እኔ አላውቅም። ኩባንያው ተመለሰ። የመጀመሪያው አውሮፕላን የፓምፕ ዕቃ አመጣ። ሁለተኛው አዲስ የደንብ ልብስ ለወታደሮቹ አመጣ። ያ አዛዥ ማዕረግ ጨምሯል። አቾል «የክሊኒኩ መድኃኒትስ?» ብላ ስትጠይቅ «በሦስተኛው» አሏት። ሦስተኛው ከመጣ ሳምንቱ ነው፤ የጫነው ሲሚንቶ ነበር፤ ለአስተዳዳሪው ግቢ።

አለቃዬ ጠራኝና «ናፍጣውን በመስጠትህ ልናባርርህ ነበር፤ ከተማው ካምፑን ሳያቃጥል የቀረው ግን ባንተ ነው። ደመወዝህን እጥፍ እናደርጋለን፤ የጥገና ክፍሉን ምራ» አለኝ። አንድ ቀን አሰብኩበት። ገንዘቡን ጠልቼ አይደለም። ግን በዚህ ቦታ ድፍድፍ ሲፈስ በገንዘቡ የሚገዛው ጠመንጃ ነው፤ ሲቆም ጠመንጃው የሚዞረው ወደ ሰዉ ነው። መሀሉ ላይ ሆኜ ጄኔሬተር ሳሞቅ ማርጀት አልፈለግሁም። አይ አልኩት። ያቆዩብኝን ደመወዝ ከፈሉኝ።

አቾልን ስሰናበት «የፀሐዩ መሳቢያ ቢበላሽ?» አለችኝ። «ባለፈው ወር ሁለቴ ተበላሽቶ ሁለቴም የሠራሽው አንቺ ነሽ፤ እኔ ቆሜ ሳይ ነበር» አልኳት። ገና ያን ጊዜ ነው ያስታወሰችው።

የካቲት 18 ጁባ ሲራክ ዘንድ እገባለሁ። አንድ ነገር ብቻ ያሳስበኛል። መካኒክ በግማሽ እጅ፣ ያውም ናፍጣ በሌለበት አገር፣ መርሳ መጥቶ ምን ይሠራል? መልስሽን በሲራክ በኩል አገኘዋለሁ።

ረዲ

*

የካቲት 14 ቀን 2017 ዓ.ም.
መርሳ

ወንድምዓለም ረዲ፣

ሲራክ ይህን እንደሰጠህ ቆመህ አንብበው፤ ጊዜ የለህም።

ምን እሠራለሁ ላልከው፤ የአባታችንን መሬት ስንካፈል ያንተ ድርሻ ከኔ ጎን ነው፤ እሾህ በልቶት ነበር፣ አስመንጥሬዋለሁ። ከቦዩ አጠገብ ስለሆነ ሠላሳ ሁለተኛ አድርጌ መዝግቤሃለሁ። ደግሞ ከታች ያሉት አርባ ቤቶች ውሃው እኛ ዘንድ እንዲቆም አይፈልጉም፤ ሁለተኛ መዝጊያ ይሠራ ብለዋል። ወልድያ ያሉት ብረት ቤቶች ያዩትን እንጂ ያላዩትን መሥራት አይችሉም። ጤነኛ እጅ ያለው እዚህ ሞልቷል፤ የሚያስበው ነው ያጠረን። ጋሽ ፈንታው ከጠዋት ጀምረው «መካኒኩ መቼ ነው?» ይሉኛል።

የመጀመሪያው የውሃ ተራህ የካቲት 27፣ ሐሙስ ጠዋት ነው። ማሳህ ላይ ያልተገኘህ እንደሆነ ተራህ ለሚቀጥለው ሰው ያልፋል። ወንድሜ ነው ብዬ ውሃ አላቆምልህም፤ ደንቡን ያወጣሁት እኔ ነኝ።

ረቡዕ ግባ።

መሪማ